ጦርነቱን ልታይ ሲኒማ የገባች ሴት

ኪሮዳ ዓሣ በገዛች ቁጥር ከካልካታ ራቅ ያለው የኮልሚዳንጋ መንደር ሥራ ይፈታ ነበር። ዓሣ መግዛት ደግሞ ምን ወሬ አለው ትሉ ይሆናል። አለው እንጂ! በዚያ አገር ባሏ የሞተባት ሴት ዓሣ አትቀምስም። ባል ያላት ሴት ደግሞ ዓሣ ከማዕዷ ሲጠፋ ለባሏ መልካም አይደለም ይባላል። የኪሮዳ ባል ይኑር ይሙት የሚያውቅ ሰው አልነበረም። ስለዚህ ዓሣ ሻጯ ቅርጫቷን ኪሮዳ ደጅ ላይ ስታወርድ፣ ኩሬው ዳር ልብስ የሚያጥቡት ሴቶች እጃቸውን ከውሃው አውጥተው አንገታቸውን ያሰግጋሉ።

"ዛሬም ገዛች?"

"ገዛች። ያውም ትልቁን፣ ከነጭንቅላቱ።"

"አይ ሴትዮ! ባሏ ኖረም አልኖረም፣ ሆዷ ግን አለ።"

ጆሮ ለባለቤቱ ባዳ ነው ይባላል። የኪሮዳ ጆሮ ግን ለባለቤቱ ዘመድ ነበር፣ አንድም ነገር አያልፈውም። ዓሣዋን በቅጠል ጠቅልላ በኩሬው ዳር ታልፍና፣ "እሺ፣ ባሌ አለ የምለው ለዓሣው ብዬ ነው እንበል" ትላቸዋለች። "እናንተስ ባሎቻችሁን ለምናቸው ብላችሁ ነው የያዛችኋቸው?" ሴቶቹ ሳቃቸውን አፍነው ውሃ ይረጯታል።

ባሏ ጎሽቶ ይባል ነበር። በተጋቡ በዓመቱ፣ በእንግሊዞች ጊዜ፣ ከባሕር ማዶ በርማ፣ ራንጉን ወደብ ላይ የሩዝ ጆንያ ሊሸከም ሄደ። ለዱርጋ በዓል እመለሳለሁ ብሎ ነበር። በዓሉ መጣ፣ እሱ አልመጣም። በሁለተኛው ዓመት የጃፓንና የእንግሊዝ ጦርነት ራንጉን ገባ ተባለ። ሰዉ ከተማዋን ጥሎ፣ ተራራና ጫካ እያቋረጠ በእግሩ ወደ አገሩ ተመለሰ፤ የተመለሰው ተመለሰ፣ የቀረው ቀረ። ጎሽቶ ከየትኞቹ እንደሆነ የነገራት የለም። ዓመት ሳይሞላ ደግሞ ሩዝ ከገበያ ጠፋ።

እንግዲህ ልብ በሉ፤ በኮልሚዳንጋ አንዲት ጥይት አልተተኮሰም። አንድ ወታደር በመንገዱ አላለፈም። ማሳው አረንጓዴ ነው፣ ወንዙ ይፈሳል፣ ሰው ግን ይረግፋል። ሰዉ ሩዝ መለመን ትቶ ሩዝ የተቀቀለበትን ውሃ ይለምን ጀመር። ኪሮዳም በአሥራ ስምንት ዓመቷ የሸክላ ማሰሮ ይዛ በየሰዉ ደጅ ቆማለች። እናቷ በዚያው ዓመት መንገድ ላይ ወድቃ ቀረች። ኪሮዳ ተረፈች፣ ግን አንድ ጥያቄ እንደ አባዜ ያዛት። ይኼ ጦርነት የሚሉት ነገር ምንድነው? ምን ይመስላል? ሳይታይ መጥቶ፣ ባሏን ከወደብ፣ ሩዙን ከጎተራ ወስዶ፣ ሳይታይ እንዴት ይሄዳል?

ያገኘችውን ሁሉ ትጠይቃለች። ከጦር ሠራዊት የተመለሰ አንድ ሰው አለ ሲሏት ሁለት መንደር አቋርጣ ሄደች። ሰውየው ወጥ ቤት ውስጥ ድንች ሲልጥ ነው ጦርነቱ ያለቀው። "ድምፁን ሰምቻለሁ" አላት እያፈረ። የመንደሩ አስተማሪ ካርታ ዘርግቶ አስረዳት። "ይኼ ጃፓን፣ ይኼ በርማ፣ ይኼ እኛ።"

"ጦርነቱ የቱ ጋ ነው?"

"ይኸውልሽ፣ ይኼ ቀይ ቀለም የተቀባው።"

"ቀለም ነው እንዴ ሩዛችንን የበላው?" አለችና ካርታውን ገልብጣ በጀርባው በኩል አየችው። አስተማሪው ከዚያ ቀን ወዲህ መንገድ ላይ ሲያያት ጥግ ይይዛል።

በዚያ አገር ባል ጠፍቶ አሥራ ሁለት ዓመት ከሞላው እንደ ሞተ ይቆጠራል። ከተቀደሰ ሣር ሰው የሚመስል ነገር ይሠሩና፣ ጸሎት ደግመው እንደ ሬሳ ያቃጥሉታል። ሚስቲቱ በፀጉሯ መሃል የምትቀባውን ቀይ ዱቄት ትጠርጋለች፣ የዛጎል አምባሯን ትሰብራለች፣ ጥለት የሌለው ነጭ ትለብሳለች። ዓሣም በዚያው ይቀራል። የጎሽቶ ታናሽ ወንድም ኒባሮን ቀኑ ሲደርስ ካህኑን አስከትሎ መጣ። ክፉ ሰው አይደለም፣ ፈሪ ሰው ነው፤ የወንድሙ ነፍስ ያለ ሥርዓት ስትንከራተት በሕልሙ እየመጣች እንቅልፍ ነስታዋለች።

"እትዬ፣ አሁንስ ይብቃ። ወንድሜን እናሳርፈው" አላት።

ኪሮዳ ዓሣ እየከተፈች ነበር። ቢላዋውን እንደያዘች ብድግ አለች። "ሬሳውን አምጡና አልቅሼ እቀብረዋለሁ። ሣር አቃጥዬ ግን መበለት አልሆንም!" ካህኑ ጫማውን እዚያው ጥሎ እግሬ አውጪኝ አለ። ኒባሮን ከዚያ በኋላ በየዓመቱ አንዴ ይጠይቃታል፣ በየዓመቱ አንዴ ትሰድበዋለች፤ በቀረው ጊዜ ግን አንድ ግቢ ውስጥ በሰላም ይኖሩ ነበር።

እንዲህ እንዲህ እያለ ሠላሳ ዓመት ሞላ። አንድ ቀን፣ ሩዙ ከታጨደ በኋላ፣ ከካልካታ ብዙ መኪና መጣ። የዚያን የጦርነት ጊዜ ፊልም ልናነሳ ነው አሉ። መንደሩ ግልብጥ ብሎ ወጣ። ለካ የሚፈልጉት ከሲታ ሰው ነው! ወይ ጉድ፣ በኮልሚዳንጋ መክሳት ለመጀመሪያ ጊዜ ተፈላጊ ሆነ። ጣፋጭ ሻጩ ቦርጩን ወደ ውስጥ ስቦ ተሰለፈና፣ ትንፋሹ ሲያልቅበት ቦርጩ ዱብ ብሎ ተባረረ። ኪሮዳ ሳትሰለፍ መረጧት፤ ዓሣው ሁሉ የት እንደገባ እንጃ እንጂ ሴትዮዋ አጥንት ነበረች።

መራጩ ኦናዲ የሚባል ባለመነጽር ረዳት ነው። "እማማ፣ ይሠራሉ?" አላት።

"ጦርነቱ አለበት?"

"የጦርነት ጊዜ ፊልም ነው እኮ።"

"እሱን አልጠየቅኩህም። ጦርነቱ ይታያል ወይ?"

ኦናዲ ቸኩሎ ነበር። "በደንብ ይታያል እንጂ!" አላት።

"እንግዲያው እሠራለሁ።"

"ስምዎ ኪሮዳ። የባለቤትዎስ ስም?"

ኪሮዳ ሻሿን ሳብ አድርጋ ወደ ኒባሮን ዞረች። "እሱ ይንገርህ።"

"የባልዎን ስም አያውቁትም?" ሲል ሰዉ በሳቅ አለቀ። የባሏን ስም የጠራች ሚስት ዕድሜውን ትቀንስበታለች፤ ይኼን የማያውቅ የካልካታ ሰው ብቻ ነው። ኪሮዳ ደግሞ አንድም ቀን ጠርታው አታውቅም።

"ጎሽቶ" አለ ኒባሮን። "ታላቅ ወንድሜ ነበር።"

"ነው በል!" አለች ኪሮዳ።

"ነው" አለ ኒባሮን፣ አንገቱን ደፍቶ።

በማግስቱ የልብስ ኃላፊው ጥለት የሌለው ነጭ ጨርቅ አጣጥፎ አመጣላት። "መበለት ሆነው ነው የሚሠሩት። አምባሩን ያውልቁ፣ ቀዩንም ጠረግ ያድርጉት።"

ኪሮዳ ጨርቁንና ሰውየውን እያፈራረቀች አየች። "መበለት ናት ያለው ማነው?"

"ዳይሬክተሩ።"

"ሬሳውን የት አገኘው?"

የኒባሮን ሚስት ሾይሎ ከጓዳ እየሮጠች ወጣች። ኩሬው ዳር የኪሮዳን ዓሣ በማማት እሷን የሚያህል አልነበረም፤ አሁን ግን ፊቷ አመድ መስሏል። "እንዳትነኪው እትዬ! ሠላሳ ዓመት ያቆየሽውን ለፎቶ ብለሽ ልትጠርጊው ነው? ዛሬ ብትጠርጊው ነገ ማን ያምንሻል? በቃ መበለት ነሽ ይሉሻል!"

እውነቷን ነው። ኪሮዳ ከደጃፏ መደብ ላይ ቁጭ አለች። ብትጠርገው ባሏን በገዛ እጇ ገደለችው ማለት ነው። ባትጠርገው ደግሞ ፊልሙ ያለ እሷ ይነሳል፣ ጦርነቱም እንደገና ሳያሳያት ያልፋል። ፀሐይዋ እየወጣች ሄደች። ኦናዲ ሰዓቱን እያየ ይንቆራጠጣል፣ ዳይሬክተሩ ሞሂቶሽ ባቡ ከዛፍ ሥር ሲጋራውን በሲጋራ ይለኩሳል፣ ልጃገረዶቹ አጥር ላይ ተንጠልጥለዋል። ኪሮዳ ድንገት ብድግ ብላ ተዋናዮቹን የሚቀባባው ፊት ቀቢ ጋ ሄደች።

"አንተ፣ ይኼ ዱቄትህ ጥቁሩን ፀጉር ሽበት ያስመስላል አሉ። ቀይ ነገርስ ይሸፍናል?"

"ይሸፍናል፣ እማማ።"

"ከሥሩ ሳይጠፋ?"

"ከሥሩ ማን ያየዋል?"

"ይታያል ወይ አላልኩህም፣ ይኖራል ወይ ነው ያልኩህ።"

ፊት ቀቢው ሽማግሌ ነበር፣ ሚስትም ነበረችው። ብሩሹን አስቀመጠና፣ "ይኖራል" አላት። "ሳልነካው ከላዩ ብቻ አለብሰዋለሁ።" አመድማ ዱቄት በፀጉሯ ክፍፍል ላይ ነሰነሰላት። የዛጎል አምባሮቹን እስከ ክንዷ ሽቅብ ገፍተው በጨርቅ አሰሩላት። ነጩን ለብሳ ስትወጣ ሾይሎ ፊቷን አዞረች። ኒባሮን ቀድሞውኑ ማሳው ውስጥ ገብቶ ጠፍቷል።

የምትሠራው ነገር አጭር ነው። ከብዙ ሰው ጋር በመንገዱ ትመጣለች፣ አንድ ደጅ ላይ ትቆማለች፣ ማሰሮዋን ትዘረጋለች፣ "የሩዙን ውሃ ስጪኝ፣ እናቴ" ትላለች። ቀልድ መስሏት ነበር የጀመረችው። ማሰሮውን ስትዘረጋ ግን ድምፁ ከየት እንደመጣ አታውቅም፣ ያኔ የነበራት የልጅነት ድምፅ ወጣ። አጥሩ ላይ ያለው ሳቅ ቀጥ አለ። ከተመልካቾቹ አንዲት አሮጊት እውነት መስሏት የሩዝ ቆሎ በጨርቅ ቋጥራ አመጣችላት። ቀረጻው ቆመና ያንኑ እንደገና አስጀመሯት።

ሲያበቃ ኪሮዳ በቀጥታ ወደ ሞሂቶሽ ባቡ ሄደች። "ጌታው፣ ጦርነቱን መቼ ነው የምታነሱት?"

ሰውየው ደክሞታል፣ ሐሳቡ ሌላ ቦታ ነው። "ካልካታ ስንመለስ ሁሉም ይገጣጠማል፣ እማማ" አላት።

በቃ፣ ኪሮዳ እንደተነገራት ተቀበለችው። ጦርነቱ ካልካታ ነው ያለው፣ እዚያ ይጨምሩበታል። ማታ ዱቄቱን አጥባ ቀዩን ከሥሩ ስታገኘው ሾይሎን ጠርታ አሳየቻት።

ፊልሙ የወረዳው ከተማ ሲኒማ ቤት የደረሰው በሚቀጥለው ዓመት ነው። መንደሩ በበሬ ጋሪ ተጭኖ ሄደ። ኪሮዳ ቀይ ጥለት ያለው ሳሪዋን ለብሳ፣ ቀዩን ዱቄት እንደ ሙሽራ አድምቃ፣ ከፊት ወንበር ተቀመጠች፤ ከሌላው ቀድማ ልታየው። መብራቱ ጠፋ። ማሳ መጣ፣ ኩሬ መጣ፣ ሰዉ የራሱን ቤት እያየ ተንጫጫ። እሷ ግን "ዝም በሉ፣ ያመልጠኛል!" ትላለች። ሰማይ ላይ የአውሮፕላን ድምፅ ሲሰማ ከወንበሯ ተነሳች። "መጣ!" አለች ጮክ ብላ። ድምፁ ራቀ። እንደገና ማሳ ሆነ። ገበያው ባዶ ሆነ፣ ሰው በሰው ላይ ተቆጣ፣ ማድጋ ተገልብጦ ታየ። ኪሮዳ መጠበቋን አላቆመችም።

ከዚያ መንገዱ መጣ። ብዙ ሰው በእግሩ ይጓዛል፣ ማን ማን እንደሆነ አይለይም። ከመሃላቸው አንዲት ነጭ የለበሰች መበለት ወጣች። ግንባሯ ባዶ ነው፣ እጇ ባዶ ነው። ማሰሮዋን ዘረጋች። ኪሮዳ አጠገቧ ወደተቀመጠችው ሾይሎ ዞረች።

"ይቺ ምስኪን የማን ሚስት ናት?" አለች።

ሾይሎ አንገቷን ደፋች።

"አንቺን እኮ ነው የምጠይቅሽ! የማን ናት?"

"አንቺ ነሽ እትዬ" አለች ሾይሎ እያለቀሰች። "አንቺ ነሽ።"

ኪሮዳ አፏን በሳሪዋ ጫፍ ይዛ እስኪያልቅ አየች። ማለቂያው ያው መንገዱ ነው፣ ሰዉ ይመጣል፣ ይመጣል። መብራቱ በራ። ሰዉ ወጣ። እሷ አልተነሳችም። መጥረጊያ የያዘ ሠራተኛ መጣ።

"እማማ፣ አልቋል።"

"ጦርነቱስ?"

"የቱ ጦርነት?"

"ልጄ፣ ቆርጣችሁ አስቀርታችሁት ከሆነ ንገረኝ። ካልካታ ይገጣጠማል ተብዬአለሁ።"

ሰውየው መጥረጊያውን ተደግፎ ቆመ። "ያለው ይኸው ነው፣ እማማ። እኔ በየቀኑ አየዋለሁ፤ ሌላ የለውም።"

ሲመለሱ ኪሮዳ አልተናገረችም። እሷ ዝም ስትል ታይቶ ስለማይታወቅ ጋሪው ላይ ያለው ሁሉ ፈራ። ከወንዙ ወዲህ ሲደርሱ፣ ኒባሮንን ጠራችው።

"ከራንጉን የመጡት ሰዎች በእግራቸው ነው የመጡት አይደል?"

"በእግራቸው ነው፣ እትዬ።"

"እንደነዚያ ሰዎች። ያው እንደዚያ።" አለች ኪሮዳ። "እኔ ደግሞ ሌላ የሚታይ ነገር ያለ መስሎኝ! ያየሁትን ነው ለካ ሰው ስጠይቅ የኖርኩት። እሱም እንደ እናቴ አንዱ መንገድ ላይ ቀርቷል ኒባሮን። የትም የለም።" አለቀሰች፣ ከሠላሳ ዓመት በኋላ፣ ሰው እያያት። ከዚያ ፊቷን ጠረገችና፣ "ነገ ካህኑን ጥራው" አለችው።

ኒባሮን ይችን ቃል ስንት ዓመት ለምኗታል! አሁን ግን ያቺ በሲኒማው ያያት ነጭ የለበሰች ሴት ቤት አክላ ከፊቱ ቆማበታለች። "ምን አስቸኮለሽ?" አላት።

"እኔ ነኝ ያስቸኮልኩት?"

"ሩዙ ይታጨድና።"

ሩዙ ታጨደ። ኒባሮን ካህኑ ታሟል አለ። ካህኑ ዳነ። ዝናቡ ይለፍ አለ። ከዚያ የልጁ ሠርግ ደረሰ፤ መበለት ሙሽራ አትነካም፣ "አንቺ ካልዳርሻት ማን ይድርልኛል?" ብሎ አፏን ዘጋት። ሌላው አዝመራ ደረሰና አላት፣ በሬው ጠፋና አላት። ኪሮዳ ዓሣ መግዛት ስታቆም ራሱ ኩሬ ገብቶ አጥምዶ ደጇ ላይ አኖረላት።

"አንተ ሰው፣ ካህን አምጣ ስልህ ዓሣ ታመጣልኛለህ?"

"ካህን ተወዷል፣ እትዬ። ብዪ።"

ሳቋ አመለጣት። ተሳደበች፣ ጠበሰችው፣ በላችው።

ክረምት ላይ ትኩሳት ያዛትና በሦስተኛው ቀን ሞተች። አሁን እንግዲህ ጉዱ መጣ፤ በምን ትገነዝ? ሚስት ሆና ከሞተች በቀይ ጥለት፣ በቀይ ዱቄት ትሸኛለች። መበለት ከሆነች በነጭ። አዲሱ ካህን በሥርዓቱ ከሄድን መበለት ከሆነች ቆይታለች አለ። ራሷም ካህኑን ጥራው ብላ ነበር፣ መንደሩ ሁሉ ሰምቷል። ሽማግሌዎቹ ጉሮሯቸውን ጠረጉ።

ኒባሮን በሕይወቱ ድምፁን ከፍ አድርጎ የማያውቅ ሰው ነው። በምርኩዙ መሬቱን መታ። "ነጭ ለብሳ አንድ ጊዜ አይቻታለሁ። ሁለተኛ አላይም!" አለ።

ቀይ ጥለቱን አለበሷት። ባሏን ቀድማ የሞተች ሴት ዕድለኛ ናት፤ ባል ያላቸው ሴቶች ከሬሳዋ ግንባር ቀዩን ዱቄት በጣታቸው ነክተው ወደ ራሳቸው ፀጉር ይወስዳሉ፣ ለባሎቻቸው ዕድሜ ብለው። ከመበለት የወሰደች ግን ሞትን በባሏ ላይ ጠራች ማለት ነው። ሴቶቹ በሬሳው ዙሪያ ቆመው እርስ በርስ ተያዩ። አንዷም አልተንቀሳቀሰችም። ኒባሮን ምርኩዙን ይዞ በር ላይ ቆሟል።

ሾይሎ ቀረበች። የኪሮዳን ፀጉር መሃል በቀዩ ዱቄት ሞላችው። አንዴ ቀና ብላ ባሏን አየችው። ከዚያ ጣቷን ከኪሮዳ ግንባር ነከረችና፣ በገዛ ፀጉሯ መሃል ከፊት እስከ ኋላ አሰመረችው። ሌሎቹም ተራቸውን ያዙ።